አፈ ክፍት፣ ያለ ጨውና ያለ ስጎ

የተከበራችሁ ለቀስተኞች፣ ጎረቤቶች፣ የአውቶቡስ ተራ ሾፌሮችና ባለ ሱቆች፣ ሥራችሁን አቋርጣችሁ ከእኛ ጋር የቆማችሁ ሁሉ፤ ይህን ጽሑፍ እንዳነብ ቤተሰቡ የወከለኝ እኔ የልጃቸው ባል ነኝ። ከጽሑፉ ግማሹን እኛ አዘጋጀነው፤ ግማሹን ግን እናታችን ራሳቸው በመጨረሻዎቹ ሳምንታት፣ ድምፃቸው ወደ ሹክሹክታ ወርዶ ሳለ፣ “ይኼ ይነበብ፤ ሰው ሳይበላ በፊት ይነበብ” እያሉ የነገሩን ነው። ስለዚህ በበሩ አጠገብ በነጭ ጨርቅ ተሸፍነው የተቀመጡትን ትሪዎች ማንም ሳይነካ አነባለሁ።

አገሩ ሁሉ “እማማ ዝምታ” እያለ የሚጠራቸው እናታችን የተወለዱት ከዚህ እጅግ ርቆ፣ ከድንበር ማዶ ባለ የድንጋይ ፈላጮች መንደር ነው። አባታቸው ድንጋይ ፈላጭ፣ እናታቸው ደግሞ ጠጠር በቅርጫት የሚያመላልሱ የቀን ሠራተኛ ነበሩ። እናታችን ስለዚያ መንደር ብዙ አያወሩም ነበር፤ ሲያወሩም የሚያነሱት አንድ ነገር ብቻ ነው።

በዚያ መንደር ሰው በሞተበት ቤት እሳት አይነድም። የሟች ቤተሰብ እጁን ሊጥ ውስጥ አያገባም። ጎረቤቶች ሊጡን በስሱ ዳምጠው፣ የተፈጨ ባቄላና ኮምጣጣ ቅጠል ሞልተው፣ በግራ እጅ አውራ ጣት ጠርዙን እየተጫኑ ይዘጉትና በጋለ ብረት ላይ ይጋግሩታል፤ አንደኛውን ጫፍ ግን ሳይዘጉ ይተዉታል። ነፍስ የምትወጣበት ነው። ጨው አይገባበትም፤ ጨው የለቀስተኛው ድርሻ ነው ይላሉ። ሲጋገርም ሆነ ሲበላ አይወራም። ስሙ ራሱ ከልቅሶ ቤት ውጭ አይጠራም።

ይህ ነው እንግዲህ። እናንተ በየሠርጉ የምትካፈሉት፣ በየኳስ ሜዳው ቆማችሁ የምትገምጡት አፈ ክፍት ይህ ነው።

እናታችን ትምህርት ቤት ገብተው ማንበብ እንደጀመሩ ጦርነት መጣ፤ ጦርነቱ ሳይወጣ ንዳድ ገባ። ሰላም ቢሆን ኖሮ አንዲት ሴት ልጅ መጀመሪያ ሾርባ፣ ቀጥሎ ዳቦ፣ ከዚያም የደስታ ቀን ምግብ ትማር ነበር። እሳቸው ለምድጃ በደረሱበት ዓመት ግን በመንደሩ ከልቅሶ በቀር ድግስ አልነበረምና እጃቸው የተማረው ይህንኑ ብቻ ሆነ። ለጎረቤት ጋገሩ፤ ጎረቤት ለእነሱ ጋገረ። አባታቸው ሲሞቱ የጋገረችላቸው የቅርብ ጎረቤታቸው ልጅ፣ የዕድሜ እኩያቸው ነበረች። የዚያች ልጅ እናት ሲሞቱ ደግሞ የጋገሩት እናታችን ነበሩ። በመጨረሻ በመንደሩ ለሟች የሚጋግር ጎረቤት ታጣ። ሁለቱ ልጆች ሲሚንቶ በጫነ መኪና ላይ ወጥተው ተሰደዱ።

ያቺ ልጅ ኋላ በዚህ ሰፈር ልብስ ሰፊዋ በሚል ስም የምታውቋቸው ናቸው። በከረጢቶቹ መካከል ተቃቅፈው እየመጡ አንድ ቃል ተገባቡ። ቀድማ ለሞተችው የቀረችው ትጋግርላታለች። ሌላ የሚጋግር እንደማይኖር ሁለቱም ያውቁ ነበር።

በዝናብ እዚህ አውቶቡስ ተራ ወረዱ። ከአናጢ ቤት ኋላ፣ መጋዝ ሲሠራ ግድግዳዋ የምትንቀጠቀጥ አንዲት ክፍል ተከራዩ። ልብስ ሰፊዋ በመርፌ ሥራ አገኙ። እናታችን በአንድ አልጋ ቤት አንሶላ ያጥቡ ነበር፤ እጃቸው በሳሙና ተልጦ ደሙ አንሶላው ላይ ቢታይ አሰናበቷቸው። ከዚያ በኋላ የሆነው ነገር የሕይወታቸው መሠረትም መከራም ነው።

የሚችሉት አንድ ነገር ብቻ ነበር። ልብስ ሰፊዋ “እባክሽ ሌላ ነገር ሥሪ፤ ድንች ቀቅዪ!” ብለው ለመኗቸው። “ድንችማ ሁሉም ይቀቅላል” አሉ እናታችን። ባቄላውን ፈጭተው፣ ከሰል ማንደጃቸውን ይዘው በጎሚስታው ቤትና በጫማ ጠጋኙ መካከል ባለችው ክፍተት ተቀመጡ። ማታ ሲመለሱ የልብስ ሰፊዋ ፍራሽ ከክፍሉ ወጥቷል። ጓደኛቸው ከበሩ ውጭ ቆመው “ሞታችንን ነው ለመንገደኛ የምትቸረችሪው? የአባትሽን፣ የእናቴን? እንግዲያውስ በሞትሽ ቀን የሚጋግርልሽ እጅ ፈልጊ” አሏቸው። ከዚያች ቀን ጀምሮ በአንድ ሰፈር ኖረው ሰላምታ አልተለዋወጡም።

እናታችን በመንደራቸው እንደተማሩት አድርገው ነበር የሚጋግሩት። ያለ ጨው፣ በግራ አውራ ጣት፣ አንዱን ጫፍ ክፍት አድርገው፣ ያለ አንዲት ቃል። መጀመሪያ የገዙት ጎሚስታው ናቸው፤ ነፍሳቸውን ይማርና ምላሳቸው የማይቦዝን ሰው ነበሩ። ገምጠው ቀና አሉና “እህት ዓለም፣ ከጨው ጋር ተኳርፋችኋል እንዴ?” አሉ።  ከሱቃቸው የሚያቃጥል ቀይ ስጎ በጠርሙስ አመጡና በክፍቱ ጫፍ አንቆረቆሩት። “አሃ! ለካ ይኼ አፉ የጠርሙስ ማስገቢያ ነው!” አሉ። ሰው ሳቀ። በማግስቱ ግማሹ ተራ ጠርሙስ ይዞ መጣ።

ስሙ ማን ይባላል ብለው ጠየቋቸው። ስሙን መጥራት አይችሉም፤ ዝም አሉ። ጎሚስታው ቆይተው “አፈ ክፍት በሉት በቃ፤ እሷን ደግሞ ዝምታ በሏት” ብለው ለሁለቱም ስም አወጡላቸው።

አንድ ነገር እዚህ ላይ በግልጽ እንዲነበብ አደራ ብለዋል። የጓደኛቸው ቃል ከሆዳቸው አልወጣ ስላለ፣ አንድ ጠዋት ሁለቱንም ጫፍ ዘግተው፣ ጨውም ጨምረው ይዘው ወጡ። እንዲህ ከሆነ የሙት አይሆንም፤ ሌላ ምግብ ይሆናል ብለው ነበር። ሰው ተቆጣ። “ስጎውን የት ላፍስሰው? በጆሮው?” አለ አንዱ ሾፌር። እስከ ቀትር ማንም አልገዛቸውም። በቤታቸው የሚበላ ምንም አልነበረም። ከሰዓት በኋላ ጫፎቹን በቢላ ከፈቷቸው።

በዚያ ዘመን ከተራው ጀርባ ባለው ጋራዥ የሚሠሩት መካኒክ፣ ይኸው ፊት ለፊታችን የተቀመጡት አባታችን፣ የናፍጣ በርሜል ክዳን ቆርጠው፣ ቀለሙን በእሳት ልጠው፣ በአሸዋ አሽተው መጋገሪያ ሠሩላቸው። ለአንድ ወር ያህል አፈ ክፍቱ ሁሉ ናፍጣ ናፍጣ ይሸት ነበር፤ ደንበኞችም “ይኼማ አውቶቡስ ያስነሳል” እያሉ በሉት። አባታችን ለሽምግልና የሚልኩት ዘመድ እዚህ ስላልነበራቸው ጎሚስታውን ላኩ። ጎሚስታው ሲመለሱ “ዝም አለች፤ እሺ ማለቷ ይመስለኛል” አሉ። ተጋቡ። ባለቤቴን ወለዱ፤ ከብዙ ዓመት በኋላ ደግሞ ወንድሟን።

ከዚያ በኋላ ያለውን አብዛኞቻችሁ ታውቁታላችሁ። ሾፌሮች በጋዜጣ ጠቅልለው ወደየከተማው ወሰዱት። ወታደሮች ወደየካምፓቸው፣ ተማሪዎች ወደየመኝታ ክፍላቸው ወሰዱት። ከእናታችን ጎን አንዲት ሴት ማንደጃ ተከለች፤ ከእሷም ጎን ሌላ፤ ተራው እስከ ትኬት ቢሮው ደረሰ። ከመካከላቸው ምላሴ የምንላት፣ ዛሬም እዚህ ያለችው፣ “ኑ ወደዚህ! የዝምታ እጅ፣ የእኔ ጨዋታ!” እያለች ደንበኛ ትነጥቃቸው ነበር። እናታችን አልተጣሏትም። ብዙ እጅ ሲገባበት ነገሩ ከእሳቸው ላይ እየተነሣ ይመስላቸው ነበር፤ ግን አልተነሣላቸውም። እሳቸው በዚህ ከተማ በኖሩበት ዘመን ሁሉ አንድ አፈ ክፍት አልበሉም። ሰው ሲጠይቃቸው “ጠገብኩ” ይሉ ነበር።

እኔና ባለቤቴ ስንጋባ፣ በዚያን ጊዜ አዲስ በመጣው ፋሽን መሠረት፣ ሙሽራና ሙሽሪት አንዱን አፈ ክፍት ከሁለቱም ጫፍ ገምጠን መሐል ላይ ተገናኘን። አዳራሹ ጮኸ፤ ተጨበጨበ። እናታችን ወንበራቸው ላይ አልነበሩም። በጓሮ፣ በለስላሳ መጠጥ ሣጥኖች መካከል ተቀምጠው አገኘኋቸው። “ምን ሆኑ?” ብላቸው ጉንጬን ዳበስ አድርገው “ስጎ ነክቶሃል” አሉና በመሀረባቸው ጠረጉልኝ። 

ሁለተኛ ልጃቸው ሳቂታ፣ ተጫዋች፣ የአውቶቡስ ረዳት ነበር። ከበር ላይ ተንጠልጥሎ እየተጣራ ሲመጣ ድምፁ ከመኪናው ይቀድም ነበር። በአንድ የዝናብ ቀን መኪናው ከመታጠፊያው ወጥቶ ተገለበጠ፤ እሱ እንደልማዱ በሩ ላይ ነበር።

በእናታችን ቤት እሳት ጠፋ። አስከሬኑ መጥቶ፣ ተቀብሮ፣ ሰው ቤት ሲገባ፣ የልጁ ጓደኞች ከጥሩ ልብ ተነሥተው፣ የሚወደውን ምግብ እንብላለት ብለው፣ ከነምላሴ ማንደጃ ትሪ ሙሉ አፈ ክፍት በቀይ ስጎ አርሰው አመጡ። እሱ ይቀልድ የነበረውን ቀልድ እያነሡ በሉ፤ ሳቁም፤ እያለቀሱ ሳቁ። እናታችን አንዱን አነሡ። ስጎውን በመሀረባቸው ከውስጥ ጠረጉ፤ ደግመው ጠረጉ፤ መሀረቡ እስኪቀላ። ከዚያ ክፍቱን ጫፍ ወደ መስኮቱ አዙረው በልጃቸው አልጋ ላይ አስቀመጡት። ሰው ሐዘን አእምሯቸውን ነካው አለ።

በዚያው ሰዓት ከመንገዱ ማዶ ልብስ ሰፊዋ ቆመው ነበር። በጨርቅ የተሸፈነ ነገር ይዘዋል። አንድ እግራቸውን ከእግረኛው መንገድ አወረዱ፤ መልሰው ሰቀሉት፤ ሄዱ። እናታችን በመስኮት አይተዋቸዋል። ሊሳለቁብኝ መጡ ብለው አሰቡ፤ ለዓመታትም እንደዚያ ብለው አመኑ።

ዓመታት አለፉ። አፈ ክፍት የአገር ቅርስ ነው ተብሎ በታወጀ ጊዜ እናታችን ወደ ትልቁ አዳራሽ ተጠርተው ሜዳሊያ ተሰጣቸው። ባለሥልጣኑ ምግቡ አባቶቻችን በደስታቸው ቀን የተቋደሱት መሆኑን ተናገሩና ማይክሮፎኑን ለእናታችን አቀበሏቸው። እናታችን ይዘውት ቆሙ። ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ፤ ቃል አልወጣም። አዳራሹ የደስታ ዕንባ መሰለውና ተነሥቶ አጨበጨበ። በኋላ ለባለቤቴ እንደነገሯት፣ ያን ጊዜ የምግቡን እውነተኛ ስም ሊጠሩት ነበር። አፈ ክፍት ታድሎ ሰዉ ሁሉ እያኘከ ስለነበር ተዉት።

የእኛ ትንሿ ልጅም የትምህርት ቤት መጽሐፏን ይዛ መጥታ “እማዬ፣ አፈ ክፍት ለምንድን ነው አፉ ክፍት የሆነው? እዚህ ለስጎ ነው ይላል፤ ልክ ነው?” ብላ ጠየቀቻቸው።  “ልክ ነው፤ ጻፊ የኔ እናት” አሏት። ልጅቷ ከአሥር አሥር አገኘች፤ እሳቸው ግን ያን ምሽት ራት አልበሉም።

ልብስ ሰፊዋ ያረፉት ካቻምና ነው። እናታችን ሲሰሙ ሥራቸውን ዘጉ። ባቄላውን ራሳቸው ፈጩ፤ ምላሴ ከጎን ሆና የምትጠይቃቸውን አንዱንም አልመለሱላትም። ያለ ጨው ጋገሩ። በጨርቅ ሸፍነው ያን በር ለመጀመሪያ ጊዜ ረገጡ። የልብስ ሰፊዋ ምራት በአክብሮት ተቀብላቸው ጨርቁን ገለጠችና “ውይ እማማ፣ ስጎውን ረሱት! ቆይ እናስመጣለን” አለች። እናታችን እጇን ያዟት። ምራቲቱም የተደረገላትን ነገር ትርጉም ሳታውቀው፣ እንዲሁ ሐዘን ሲያጫውት፣ አንድ ወሬ አነሣች። “አማቴ እኮ እንዲህ ዓይነት ነገር አንዴ ሠርተው ነበር፤ የእርስዎ ልጅ የሞተ ቀን። ከበራችሁ ማዶ ድረስ ሄደው ተመለሱ። የሁሉም አፍ ቀይ ነበር፤ እየሳቁ ነበር አሉ። ትሪውን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጠው እስኪሻግት ማንም እንዳይነካው ከለከሉን።”



ቃሉ አልፈረሰም ነበር ማለት ነው። ጓደኛቸው ለልጃቸው ጋግረውላቸዋል። ይህን ባወቁበት ቀን ግን የሚጋግርላቸው ሰው በዓለም ላይ አልቀረም።

ብዙም ሳይቆይ ምግብ መዋጥ አቃታቸው። ሐኪሞች የጉሮሮ ዕጢ ነው አሉ። በተኙበት ክፍል መስኮት ሥር የሆስፒታሉ ክበብ ነበረ፤ ከጠዋት እስከ ማታ የአፈ ክፍት ሽታ ይገባ ነበር። መስኮቱን እንዝጋ ስንላቸው “ተዉት” ይላሉ። ለባለቤቴ ሁሉን ነገር የነገሯት እዚያ ነው። ባለቤቴ “እኔ እጋግርልሻለሁ” አለቻቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ፤ የሟች ልጅ እጇን ሊጥ ውስጥ አታገባም። “እና ማን?” አለቻቸው። “ማን አለኝ?” አሉ። ከዚያ በኋላ ሐኪም ሲመጣም፣ ነርስ ሲመጣም፣ እኛም ስንመጣ ይህንኑ ነበር የሚሉት። ማን አለኝ? የሚፈሩት ሞትን አልነበረም። ሁለቱም ጫፍ ተዘግቶ መቅረትን ነበር የሚፈሩት።

ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት፣ ባለቤቴ ከንፈራቸውን በእርጥብ ጥጥ እያራሰች ሳለ፣ አረፉ። ጥያቄያቸው ሳይመለስ አረፉ። ይህን ለማጽናናት ብለን አንደብቀውም።

በቤታችን እሳት አልነደደም። ልጆቹ የሱቅ ብስኩት በሉ።

ትናንት ምላሴ ለቅሶ ልትደርስ መጥታ፣ በባዶው ምድጃ በኩል ስታልፍ ደንግጣ “ምነው? በሐዘን ቤት ሰው በረሃብ ይለቅ ትላላችሁ?” አለች። ባለቤቴ ነገረቻት። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ነገረቻት። ምላሴ መሬት ላይ ተቀመጠች። “እኔ ለርሳቸው ልጅ ልቅሶ ስጎ አብዝቼ የላክሁት…” ብላ ጀመረችና ሳትጨርሰው ቀረች። ከዚያ ተነሥታ “ጎረቤት ነው የሚጋግረው አላልሽም? ታዲያ እኛ ምንድን ነን?” አለች።

ዛሬ ጠዋት የአውቶቡስ ተራ ማንደጃ ሁሉ ለሽያጭ አልተከፈተም። ሴቶቹ የእናታችንን የበርሜል ክዳን መሐል አድርገው ተቀመጡ። ባለቤቴ እጇን ወደ ኋላ አጣምራ፣ ሊጡን ሳትነካ፣ በዐይኗና በአገጯ ብቻ አሳየቻቸው። ግራ አውራ ጣት። አንዱ ጫፍ ክፍት። ሾፌሮቹ ዛሬ ተጣሪ የለም እንዴ ብለው ከየመኪናቸው ወርደው አዩ፤ አይተውም ጥሩምባቸውን ተዉ። ምላሴ ከዕለተ ልደቷ ጀምሮ ዝም ያለችው ዛሬ ብቻ መሆኑን ባለቤቷ ይመሰክራል።

ከሴቶቹ አንዷ ግን ከዘመናት ልማድ የተነሣ ሳታውቀው በአንዱ ሊጥ ላይ ጨው በትናለች። የትኛው እንደሆነ መለየት አልተቻለም። ሊጡን ሁሉ ሊደፉት ነበር፤ ባለቤቴ ከለከለች።

እናታችን አብረዋቸው ያረጁትን ባለቤታቸውን፣ አንዲት ሴት ልጃቸውን፣ እኔን አማቻቸውን፣ የልጅ ልጆቻቸውን፣ እስከ ትኬት ቢሮው የተዘረጋውን ተራ፣ እንዲሁም የእጃቸውን ሥራ በልቶ ያደገ አገር ትተው ሄደዋል። ድንጋይ ፈላጩ አባታቸው፣ ጠጠር አመላላሿ እናታቸው፣ ረዳቱ ልጃቸውና ልብስ ሰፊዋ ቀድመዋቸዋል።

አሁን ጨርቁ ይነሣል። እባካችሁ አንድ አንድ ውሰዱ። ስጎ አትጠይቁ፤ ትንንሽ ልጆችም ቢጠይቁ ቀስ ብላችሁ አስረዷቸው። እየበላችሁ አታውሩ። ክፍቱን ጫፍ ወደ በሩ አዙራችሁ ያዙት። ጨው የቀመሰ ሰው ቢኖር ጨዋማው ለእሱ ደርሶት ይሁን ወይም የገዛ ዕንባው ይሁን ማወቅ አይችልምና ዝም ብሎ ይዋጠው።

ፈጣሪ እናታችንን ሳንዘጋ በተውንላቸው በኩል ያውጣቸው፤ እዚያም ተቀያይመው የኖሩትን ሁለቱን ጓደኞች በአንድ መኪና ላይ እንደነበሩበት ጊዜ ጎን ለጎን ያስቀምጥልን። አሜን።